የመከላከያው ቁመት ከየት ይለካል?

ለዕጩ መምህራን የተዘጋጀ ትምህርት



ዛሬ በዚህ ገጽ የምናነሣው ጉዳይ ለብዙዎቻችን የግንበኛና የብረት በያጅ ጉዳይ መስሎ ይታየናል። ይኸውም በበረንዳ፣ በደረጃና በፎቅ ጫፍ ላይ ስለሚቆመው መከላከያ ነው። «ይህ ደግሞ መምህርን ምን አገባው?» የሚል አይጠፋም። እኔም እንዲሁ ስል ኖሬአለሁ። እንዴት ሐሳቤን እንደለወጥሁ አስቀድሜ ላውጋችሁና ወደ ትምህርቱ እንገባለን።

ከዓመታት በፊት በመተማ ቆላ፣ ስሙን በማልጠቅሰው አንድ የመጀመሪያ ደረጃ ት/ቤት አስተምር ነበር። ወሩ ሚያዝያ ነው። የመተማን ሚያዝያ ያየ ያውቀዋል፤ ሙቀቱ ከ40 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ያልፋል፤ የቆርቆሮው ጣራ ክፍሉን ምጣድ ያደርገዋል። ከቀትር በኋላ ልጆቹን እንቅልፍ ቢጥልብኝ «ኑ ውጡ፤ በረንዳው ጥላ ነው፤ እዚያ እናነባለን» አልሁና አግዳሚ ወንበሮቹን አስወጥቼ ከበረንዳው ብረት ጋር አስጠግቼ ደረደርኋቸው። ነፋስ ያግኙ ብዬ ነው። የብረቱ ቁመት 95 ሳንቲ ሜትር ነበር፤ የለካሁት ግን ኋላ ነው። የአግዳሚው ከፍታ 45 ሳንቲ ሜትር ነበር። አንድ የስምንት ዓመት ልጅ ከአግዳሚው ላይ ቆሞ በመንገዱ የሚያልፈውን የጭነት መኪና ለማየት ወደ ውጭ ዘንበል አለ፤ በዚያው ሄደ።

የበረንዳው ወለል ከመሬቱ 1 ሜትር ከ30 ከፍ ያለ ነበር። የልጁ ክንድ ሁለት ቦታ ላይ ተሰበረ፤ ተሸክመን ጤና ጣቢያ አደረስነው። ነፍሱ ተረፈች፤ ክንዱ ግን ዛሬም ቀጥ አይልም። እናቱ እየሮጠች ስትመጣ ትጮህብኛለች ብዬ ጠበቅሁ። እርሷ ግን «ይቅር ይበሉኝ መምህር፤ ይህ ልጅ እንቅብጥብጥ ነው፤ አስቸገረዎ» አለችኝ። ምንም አልመለስሁላትም። ልጁ አልቀበጠም። 95 ሳንቲ ሜትር የነበረውን መከላከያ 50 ሳንቲ ሜትር ያደረግሁት እኔ ነበርሁ። 45ን ከ95 መቀነስ የሕፃናት ሒሳብ ነው፤ እኔ ደግሞ የሒሳብ መምህር ነበርሁ።

እንግዲህ የዛሬው ትምህርት ከዚህ ይነሣል። የመከላከያ ቁመት የሚለካው ከወለሉ ብቻ አይደለም፤ የሰው እግር ሊያርፍበት ከሚችለው ከፍ ያለ ቦታ ሁሉ ነው። ይህን ነገር በዝርዝር እንመልከት።

1. መከላከያ ምንድን ነው?

በአገራችን የግንባታ ቦታዎች ግንበኛውም በያጁም ሁሉንም ነገር «ሀንድሬል» ይሉታል። ይሁንና ሁለት ልዩ ልዩ ነገሮች ስለሆኑ ለይተን እንወቃቸው።

ሀ) መከላከያ፦ ሰው ከከፍታ ጫፍ እንዳይወድቅ የሚያግደው ነው። ከብረት፣ ከእንጨት ወይም ከብሎኬት ይሠራል። በጣራና በበረንዳ ዙሪያ በአጭር ግድግዳ መልክ ሲገነባ «ፓራፔት» ይባላል።

ለ) የእጅ መደገፊያ፦ ደረጃ ስንወጣና ስንወርድ እጃችን የሚይዘው ነው። ሥራው ሚዛን መጠበቅ ነው። ስለዚህም ከመከላከያው ዝቅ ይላል፤ በእጅ የሚጨበጥ መሆንም አለበት።

መከላከያ የሚያስፈልገው ከስንት ከፍታ ጀምሮ ነው? በብዙ አገሮች የሚሠራበት ዓለም አቀፍ የሚባለው የአሜሪካኖች የሕንፃ ደንብ፣ ወለሉ ከታችኛው መሬት ከ76 ሳንቲ ሜትር በላይ ከፍ ካለ መከላከያ ይቁም ይላል። የእንግሊዝ መመሪያ ደግሞ ከመኖሪያ ቤት ውጭ ባሉ ሕንፃዎች ከ38 ሳንቲ ሜትር፣ ማለትም ከሁለት ደረጃ ከፍታ ጀምሮ ይጠይቃል። እንግዲህ «የእኛ ት/ቤት ፎቅ የለውም፤ ይህ አይመለከተንም» የሚል መምህር የበረንዳውን ከፍታ ይለካ።

ሐሳቡ አዲስ አይደለም። በኦሪት ዘዳግም ምዕራፍ 22 ቁጥር 8 አዲስ ቤት የሚሠራ ሰው ሌላው ወድቆ ደሙ በቤቱ ላይ እንዳይሆን ለሰገነቱ ዙሪያ መከታ እንዲያበጅ ታዝዟል። የእኛው ጎንደር የፋሲል ግንብም በጣራው ዙሪያ በጥርስ አምሳል የተሠራ ግንብ አለው። ሆኖም ከሩቅ አይቶ «መከታ አለው» ማለት አይበቃም። በጥርሶቹ መካከል ያለው ዝቅታ ከአዋቂ ወገብ በላይ ነው ወይስ በታች? ልጅ ያሳልፋል ወይስ አያሳልፍም? ብሎ መጠየቅ ያስፈልጋል። ጌጥም፣ ምሽግም፣ መከላከያም በዐይን ሲታዩ ይመሳሰላሉ፤ የሚለያቸው ልኬት ነው።

2. ቁመቱ ለምን 1 ሜትር ከ10 ሆነ?

የአሜሪካኖቹ ደንብ ለሕዝብ ሕንፃ 107 ሳንቲ ሜትር ይላል። የእንግሊዝ መመሪያ ለበረንዳ 110 ሳንቲ ሜትር ይጠይቃል። ፈረንሣዮች በ1 ሜትር ይጀምራሉ። ጀርመኖች ከ12 ሜትር በታች ላለ ከፍታ 90፣ ከዚያ በላይ 110 ሳንቲ ሜትር ያዝዛሉ። ቁጥሮቹ ቢለያዩም ሁሉም በአንድ አካባቢ ይሽከረከራሉ። ምክንያቱ በሰውነታችን ውስጥ ነው።

ማንኛውም አካል የክብደት ማዕከል አለው። ቆሞ ያለ አዋቂ ሰው የክብደቱ ማዕከል ከእግሩ ሥር ሲለካ ከቁመቱ ከ55 እስከ 57 በመቶ ላይ፣ እምብርት አካባቢ ይገኛል። በዚህ ብናሰላ፦

ቁመቱ 1 ሜትር ከ60 የሆነ ሰው፦ ከ88 እስከ 91 ሳንቲ ሜትር፤
ቁመቱ 1 ሜትር ከ70 የሆነ ሰው፦ ከ94 እስከ 97 ሳንቲ ሜትር፤
ቁመቱ 1 ሜትር ከ80 የሆነ ሰው፦ ከ99 እስከ 103 ሳንቲ ሜትር።

መከላከያው ከዚህ ማዕከል በላይ ከሆነ የተደናቀፈ ወይም የተገፋ ሰው ደረቱ ይገታና ወደ ውስጥ ይመለሳል። መከላከያው ከማዕከሉ በታች ከሆነ ግን ብረቱ ራሱ ማንከባለያ ይሆናል፤ እግር ይነሣል፣ ራስ ይቀድማል። ባለ 90 ሳንቲ ሜትር ብረት ለአጭር ሰው መከላከያ፣ ለረዥም ሰው መገልበጫ ነው ማለት ነው። 1 ሜትር ከ10 የተመረጠው ለጫማውም፣ ለረዥሙም ሰው ጥቂት ትርፍ እንዲኖር ነው።

አሁን ወደዚያ ልጅ እንመለስ። ቁመቱ 1 ሜትር ከ25 ያህል ነበር፤ የክብደቱ ማዕከል ከእግሩ በ70 ሳንቲ ሜትር ገደማ ላይ ነው። ወለሉ ላይ ቢቆም ኖሮ 95 ሳንቲ ሜትሩ ብረት ደረቱን ይይዘው ነበር። አግዳሚው ላይ ሲቆም ግን ብረቱ ከእግሩ 50 ሳንቲ ሜትር ብቻ ሆነ። ማዕከሉ ከብረቱ 20 ሳንቲ ሜትር በላይ ዋለ። ከዚያ በኋላ መውደቁ የጠባይ ሳይሆን የፊዚክስ ጉዳይ ነው።

3. ለመያዝ ጊዜ አለ ወይ?

«አጠገቤ ስላሉ እይዛቸዋለሁ» የሚል መምህር ይህን ሠንጠረዥ ይመልከት። የአየርን መቋቋም ትተን በነፃ አወዳደቅ ሕግ ያሰላነው ነው።

ከ1 ሜትር፦ 0.45 ሰከንድ፤ መሬት ሲነካ ፍጥነቱ በሰዓት 16 ኪሎ ሜትር፤
ከ2 ሜትር ከ25፦ 0.68 ሰከንድ፤ በሰዓት 24 ኪሎ ሜትር፤
ከ3 ሜትር፦ 0.78 ሰከንድ፤ በሰዓት 28 ኪሎ ሜትር፤
ከ6 ሜትር፦ 1.1 ሰከንድ፤ በሰዓት 39 ኪሎ ሜትር።

ሁለተኛው መሥመር የዚያ ልጅ ነው፦ የበረንዳው 1 ሜትር ከ30 ሲደመር የብረቱ 95። አንድ ሰከንድ እንኳን አልሞላም። እኔ መጽሐፉን ከዐይኔ ሳላነሣ ነገሩ አልቆ ነበር። ከፎቅ ሲሆን ደግሞ በከተማ መንገድ ላይ በሚሄድ መኪና እንደ መገጨት ነው።

4. ክፍተቱስ?

ቁመቱ ትክክል ሆኖ ክፍተቱ የሰፋ መከላከያ ለትልልቆች እንጂ ለሕፃናት አልተሠራም። በእንግሊዝም በአሜሪካም ደንብ የታወቀው ልክ 10 ሳንቲ ሜትር ነው፤ 10 ሳንቲ ሜትር ስፋት ያለው ኳስ በየትኛውም ቀዳዳ ማለፍ የለበትም። ሕፃን ልጅ ሰውነቱን በጎን አሾልኮ ያሳልፍና ራሱ ይያዛል፤ አደጋው ከመውደቅም የከፋ ሊሆን ይችላል።

ሁለተኛው ነገር የብረቶቹ አቀማመጥ ነው። አግድም የተበየዱ ብረቶች ለዐይን ያምራሉ፤ ለልጅ ግን መሰላል ናቸው። በአንደኛው ላይ እግሩን ሲያሳርፍ 1 ሜትር ከ10 የነበረው ወዲያውኑ 80 ወይም 70 ይሆናል። ቅድም ስለ አግዳሚው ያልነው ሕግ እዚህም ይሠራል፦ ቁመቱ የሚለካው እግር ከሚያርፍበት ነው። ስለዚህ ልጆች ባሉበት ሕንፃ ብረቶቹ ቀጥ ብለው የቆሙ ይሁኑ። ከመከላከያው አጠገብም የአበባ ማሰሮ፣ የውሃ ጀሪካን፣ ያረጀ ዴስክ፣ የተቆለለ ብሎኬት አይቀመጥ።

5. ጥንካሬው

የካቲት 23 ቀን 2013 ዓ.ም.፣ እኛ የዐድዋን በዓል በምናከብርበት ዕለት፣ በቦሊቪያ በኤል አልቶ ከተማ የሕዝብ ዩኒቨርሲቲ ውስጥ ተማሪዎች ለስብሰባ በአራተኛ ፎቅ መተላለፊያ ላይ ተጨናንቀው ሳለ የብረቱ መከላከያ ተገነጠለ። ብዙ ተማሪዎች ወደ ታች ወደቁ፤ ከአምስት የማያንሱት ሞቱ። መከላከያ አልጠፋም ነበር፤ የተገፋበትን ኃይል ግን አልቻለም።

ይህን በቀላል ሒሳብ እንየው። በአሜሪካ የሥራ ቦታ ደንብ መሠረት መከላከያው በላይኛው ጠርዙ ላይ 890 ኒውተን፣ ማለትም የ90 ኪሎ ግራም ክብደት ያህል ግፊት መቋቋም አለበት። ይህ ኃይል በ1 ሜትር ከ10 ከፍታ ላይ ሲያርፍ በእግሩ ላይ የሚያደርሰው የመጠምዘዝ ጉልበት 890 ሲባዛ በ1.10፣ ወደ 980 ኒውተን ሜትር ነው። ቋሚው ብረት ከወለሉ ጋር የተያያዘው በ10 ሳንቲ ሜትር በሚራራቁ ብሎኖች ከሆነ፣ 980ን ለ0.10 ስናካፍል በውስጠኛው ወገን ባሉት ብሎኖች ላይ 9,800 ኒውተን ይወጣል። ይህም አንድ ቶን የሚመዝን ዕቃ እንደ ማንጠልጠል ነው። ከላይ የአንድ ሰው ግፊት፣ ከታች አንድ ቶን! መንቀያ ብረት በእጃችን ይዘን ትልቅ ምስማር የምንነቅለው በዚሁ ሕግ ነው።

እንግዲህ ቋሚው በልስን ውስጥ ብቻ ከተተከለ፣ ወይም ባዶ ብሎኬት ውስጥ በጥቂት ሲሚንቶ ከተጣበቀ፣ ውጤቱ ግልጽ ነው። እግሩ ከአርማታው ፌሮ ጋር መበየድ ወይም በኮንክሪት ውስጥ ጠልቆ መቀበር አለበት። ቀለም የተቀባ ሁሉ ጠንካራ አይደለም።

6. ደረጃ

በደረጃ ላይ የእጅ መደገፊያው ከደረጃው አፍንጫ ሲለካ ከ86 እስከ 97 ሳንቲ ሜትር ቢሆን ለአዋቂ ይስማማል። ክብ ከሆነ ውፍረቱ ከ3 እስከ 5 ሳንቲ ሜትር ሲሆን እጅ ይሞላል፤ ከግድግዳ ጋር ከተጠጋ ጣት እንዳይቀረቀር 4 ሳንቲ ሜትር ያህል ይራቅ። ትንንሽ ልጆች በሚማሩበት ሕንፃ በ70 ሳንቲ ሜትር ገደማ ሁለተኛ መደገፊያ ቢጨመር ልጆቹ የራሳቸውን ያገኛሉ።

ነገር ግን ብረት ብቻ አያድንም። ጥር 25 ቀን 2012 ዓ.ም. በጎረቤታችን በኬንያ፣ በካካሜጋ የመጀመሪያ ደረጃ ት/ቤት ልጆች ከትምህርት ሲለቀቁ በደረጃ ላይ በተፈጠረ መረጋገጥ 14 ተማሪዎች ሞቱ። ይህ ለእኛ ለመምህራን ትልቅ ትምህርት ነው። ፎቅ ባለው ት/ቤት ክፍሎች በየተራ ይለቀቁ፤ በመታጠፊያው ላይ አንድ መምህር ይቁም፤ ደውል ሲደወል መሮጥ የተከለከለ ይሁን። የደረጃው ስፋት በግንበኛ እጅ ነው፤ የሰልፉ ሥርዓት ግን በእኛ እጅ ነው።

7. የቆላው ልዩ ጠባይ

ከእናንተ መካከል ብዙዎቻችሁ ወደ ገንዳ ውሃ፣ ወደ መተማ ዮሐንስ፣ ወደ ሽንፋ፣ ወደ ቋራ ወይም ወደ ምዕራብ አርማጭሆ ልትመደቡ ትችላላችሁ። ከጎንደር ደጋ ወርዳችሁ የምታገኙት አገር ለመከላከያ አራት ጠላቶች አሉት።

ሀ) ሙቀቱ። በደጋ ሰው ከብርድ ሸሽቶ ወደ ውስጥ ይገባል፤ በቆላ ከሙቀት ሸሽቶ ወደ ጫፍ ይወጣል። ማታ ማታ አልጋ ወደ ውጭ ይወጣል፤ ሰው በበረንዳው ግንብ ላይ ተቀምጦ ነፋስ ይቀበላል። እንዲያውም አንዳንዱ እዚያው ያንቀላፋል። ፎቅ ቤት በበዛ ቁጥር ይህ ልማድ ወደ ላይ መውጣቱ አይቀርም። ከመከላከያው ጋር የተጠጋ አልጋ የእኔ አግዳሚ ወንበር ወንድም ነው፤ ቢያንስ አንድ ሜትር ተኩል ይራቅ። ሌላም አለ፤ ቀትር ላይ ፀሐይ የመታው ብረት እጅ ያቃጥላል። ልጅ የሚያቃጥለውን መደገፊያ አይዝም፤ ደረጃውን በነፃ እጁ ይወርዳል። ስለዚህ መደገፊያው ጥላ ያግኝ፤ ወይም ላዩ በእንጨት ይሸፈን።

ለ) ዋልካው። ጥቁሩ አፈር በበጋ ይሰነጠቃል፤ በክረምት ያብጣል። ግንበኞች መሠረቱን ከፍ የሚያደርጉትም፣ በረንዳው ከመሬት የሚርቀውም ለዚህና ለጎርፍ ነው። በቀጥታ አፈሩ ውስጥ የተተከለ ቋሚ በሁለት ክረምት ውስጥ ሊያዘነብል ይችላል። የበረንዳው ወለል ከተሰነጠቀም የቋሚዎቹ እግር ይላላል።

ሐ) ምስጡ። የእንጨት ቋሚ ከላይ ሙሉ መስሎ ከውስጥ ባዶ ይሆናል። በድንጋይ ቆርቆር አድርጉት፤ እንደ ከበሮ ከጮኸ ጉዳዩ አልቋል። በአካባቢው በብዛት የሚገኘው ሽመል ለጊዜው ጥሩ አጥር ይወጣዋል፤ ነገር ግን እግሩ አፈር አይንካ፣ በየ10 ሳንቲ ሜትሩ በሽቦ ይታሰር፣ በየዓመቱም ይለወጥ።

መ) ዝገቱ። ብረት ቀድሞ የሚበላው ከእግሩ ነው፤ ውሃ የሚያቁረው እዚያ ስለሆነ። በምስማር ጫር ስታደርጉት እየተቀረፈ ከወጣ በያጅ ይጠራ። አንቲረስት ሳይቀባ የላይ ቀለም ብቻ መቀባት ቁስልን በነጠላ እንደ መሸፈን ነው።

አምስተኛ ብንል ደግሞ ያላለቀ ሕንፃ አለ። ታችኛው ክፍል ሱቅ ሆኖ ተከራይቶ፣ ላዩ ዓመታት ሙሉ ጫፉ ባዶ፣ ደረጃው ያለ መደገፊያ የቆመ ሕንፃ በየከተማው አይጠፋም። ልጆች ድብብቆሽ የሚጫወቱት እዚያ ነው። ለተማሪዎቻችሁም፣ ለወላጆችም ንገሩ፤ የሕንፃውም ባለቤት ደረጃውን በቆርቆሮና በእንጨት እንዲዘጋ በጨዋ ደንብ ለምኑ።

8. ሕጉ ምን ይላል? መምህሩስ ምን ያድርግ?

በ2001 ዓ.ም. የወጣው የኢትዮጵያ ሕንፃ አዋጅ ቁጥር 624 ሕንፃዎችን «ሀ»፣ «ለ» እና «ሐ» ብሎ በሦስት ምድብ ከፈለ። የሕዝብ መገልገያ ሕንፃዎች፣ ፋብሪካዎችና ከ12 ሜትር በላይ የሆኑ ሕንፃዎች ከፍተኛ ጥንቃቄ በሚጠይቀው በምድብ «ሐ» ውስጥ ገቡ። በ2003 ዓ.ም. የሚኒስትሮች ምክር ቤት ደንብ ቁጥር 243 ተከተለ። ከዚህ የምንረዳው አንድ ትልቅ ነገር አለ፦ ት/ቤት አንድ ፎቅ ባይኖረውም እንኳ የሕዝብ መገልገያ በመሆኑ ብቻ ከተራ መኖሪያ ቤት በላይ ጥንቃቄ እንደሚገባው ታስቧል።

ታዲያ ሕንፃው ከተረከቡት በኋላ በየጊዜው የሚለካው ማነው? መሐንዲሱ ሄዷል፤ ተቋራጩ ሄዷል። በየቀኑ እዚያ የሚውለው መምህሩ ነው። ስለዚህ በተመደባችሁበት ት/ቤት በመጀመሪያው ሳምንት የሚከተለውን አድርጉ፤ ከዚያም በየዓመቱ ሁለት ጊዜ፣ በመስከረምና በሰኔ ድገሙት።

1ኛ) ቁመቱን 1 ሜትር ከ10 በሆነ ቀጥ ያለ ዱላ ለኩ። ዱላው ከወለሉ ላይ ይቁም፤ አጠገቡ የሚቆምበት ነገር ካለ ደግሞ ከዚያ ላይ ይቁም። ትንሹን ልክ መዝግቡ።

2ኛ) የጭቃ ኳስ ሥሩና ክፍተቱን ፈትኑ። ዙሪያው 31 ሳንቲ ሜትር ከግማሽ ያህል የሆነ ኳስ ስፋቱ 10 ሳንቲ ሜትር ነው። ካለፈ ክፍተቱ ሰፊ ነው።

3ኛ) ጥንካሬውን ወደ ውስጥ በመሳብ ፈትኑ። ልብ አድርጉ፤ ወደ ውጭ አትግፉ! ተማሪም እንዲሞክረው አትፍቀዱ። እግሩ ላይ ልስኑ ከተሰነጠቀ ወይም ብረቱ ከተነቃነቀ ያንን ቦታ ወዲያው በገመድ ዝጉ።

4ኛ) ያገኛችሁትን በወረቀት ጽፋችሁ፣ ቀን አኑራችሁበት ለርእሰ መምህሩ ስጡ፤ አንድ ቅጂ አስቀሩ። በወላጅ ስብሰባም አንሡት። በቃል የተነገረ ይረሳል።

5ኛ) ገንዘብ እስኪገኝ አትጠብቁ። አግዳሚን ከመከላከያ ማራቅ፣ ጀሪካን ማንሣት፣ ክፍሎችን በተራ መልቀቅ፣ የተነቃነቀውን በገመድ መከለል አንዳች ሳንቲም አይጠይቅም።

9. በክፍል ውስጥ

ይህን ለተማሪ ለማስተማር መሣሪያ አይቸግርም። ለሒሳብ ክፍለ ጊዜ መቀነስን፣ መቶኛንና የክብን ዙሪያ ያስተምራል። ለሳይንስ የክብደት ማዕከልን፣ መንቀያንና ነፃ አወዳደቅን ያሳያል። ለእጅ ሥራ የጭቃ ኳሱ አለ። ልጆቹ ራሳቸው በረንዳቸውን ለክተው በጥቁር ሰሌዳ ላይ ሲጽፉት፣ «አትደገፉ! አትውጡ!» ብለን መቶ ጊዜ ከምንጮህ ይበልጥ ይገባቸዋል። ልኬቱ ሲሠራ ግን ልጆቹ በውስጥ በኩል፣ መምህሩ በጫፉ በኩል ይሁን።

ማጠቃለያ

ለማጠቃለል ያህል፣ መልካም መከላከያ አራት ነገር አለው፦ ከወገብ በላይ የሆነ ቁመት፣ የሕፃን ሰውነት የማያሳልፍ ክፍተት፣ የማይነቀል እግር፣ በአጠገቡም መወጣጫ የሌለው ንጹሕ ወለል። የመጀመሪያዎቹን ሦስቱን ግንበኛና በያጅ ይሠራሉ። አራተኛው የእኛ የመምህራን ድርሻ ነው። በአራተኛው ከተዘናጋን ሦስቱ ከንቱ ናቸው።

የዚያ ልጅ እናት «ይቅር ይበሉኝ» ስትለኝ መመለስ የነበረብኝን ያኔ አልመለስሁም። ዛሬ የምመልሰው ይህን ትምህርት በመጻፍ ነው። እናንተ ግን ልጅ በወደቀ ቁጥር «ቀብጦ ነው» ከማለታችሁ በፊት ሜትር አንሡ።

የመልመጃ ጥያቄዎች

ሀ) የበረንዳ መከላከያ 1 ሜትር ከ5 ሳንቲ ሜትር ነው። አጠገቡ 40 ሳንቲ ሜትር ከፍታ ያለው አግዳሚ ተቀምጧል። አግዳሚው ላይ ለቆመ ልጅ መከላከያው ስንት ሆነ? የልጁ ቁመት 1 ሜትር ከ20 ቢሆንና የክብደቱ ማዕከል በ57 በመቶ ላይ ቢገኝ ልጁ ይድናል ወይስ ይገለበጣል?

ለ) ከ4 ሜትር ከፍታ የወደቀ ዕቃ መሬት ለመንካት ስንት ሰከንድ ይፈጅበታል?

ሐ) ቋሚውን የሚይዙት ብሎኖች ርቀት ከ10 ወደ 20 ሳንቲ ሜትር ቢጨምር በብሎኖቹ ላይ የሚያርፈው ኃይል ምን ይሆናል? ለምን?

መ) የተቋማችንን የበረንዳና የደረጃ መከላከያ ለኩ። ከዚህ ጋዜጣ ሥር ባዶ ወረቀት ለጥፈናል፤ ቦታውን፣ ልኩንና የለካችሁበትን ቀን ጻፉበት። ጉድለት ከተገኘ ዝርዝሩን አዘጋጅተን ለተቋሙ አስተዳደር እናቀርባለን።